የባሕር ዓሣ አጥማጆችን ኑሮ ከሚያሳዩ ፊልሞች የትኛውን እንምረጥ? የንጽጽር መመሪያ

ስለ ባሕር ዓሣ አጥማጆች ኑሮና እንግልት ፊልም ማየት የፈለገ ሰው ፍለጋውን እንደጀመረ ግራ ይጋባል። በ1934 የወጣ፣ በአየርላንድ ደሴቶች የተቀረጸ ጥቁርና ነጭ ሥራ፣ ከ100 ሚሊዮን ዶላር በላይ የወጣበት የሆሊውድ ማዕበል፣ ተራኪ የሌለው ዘጋቢ ፊልምና ኦስካር ያገኘ የቤተሰብ ድራማ በአንድ ዝርዝር ውስጥ ተደባልቀው ይመጡለታል። በሁሉም ውስጥ ጀልባ፣ መረብና የተቆጣ ውኃ አለ፤ ማስታወቂያዎቻቸውም ስለሚመሳሰሉ አንዱ ከሌላው በምን እንደሚለይ ከውጭ ሆኖ ማወቅ አይቻልም። በተለይ ለፊልም ክበብ፣ ለክፍል ትምህርት ወይም ቤተሰብ ሰብስቦ ለማየት የሚመርጥ ሰው ምርጫው ካልሰመረለት የብዙ ሰው ምሽት አብሮ ይባክናል።

ከዚህ በታች አሥር ፊልሞች ይነጻጸራሉ፤ በመጨረሻም ከጉዳዩ ጋር የሚጎራበቱ ሁለት ሥራዎች በአጭሩ ይነሣሉ። ዓመቶቹና ወራቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። የአንዳንዶቹን ታሪክ ያለ መጨረሻው ማነጻጸር ስለማይቻል፣ መጨረሻውን አስቀድሞ ማወቅ የማይወድ አንባቢ ሠንጠረዡን ብቻ አይቶ ቢመርጥ ይሻለዋል።

መመዘኛዎቹ

ከሁሉ የሚከብደው መመዘኛ መከራው ከየት እንደሚመጣ ፊልሙ የሚሰጠው መልስ ነው። ባሕር አደገኛ መሆኑን ለማወቅ ፊልም አያስፈልግም። ሰማዩ መጥቆሩን፣ ነፋሱ መበርታቱን እያየ፣ ከልጅነቱ ጀምሮ በባሕሩ ላይ የሰው ሞት እየሰማ ያደገ አጥማጅ ጀልባውን ገፍቶ የሚወጣው ለምንድን ነው? መልሱ አብዛኛውን ጊዜ ያለው ወደብ ላይ ነው፤ የጀልባው ዕዳ፣ ዓሣውን የሚገዛው ነጋዴ የሚቆርጠው ዋጋ፣ የማጥመጃ ወቅትን የሚወስነው ሕግ፣ ሠራተኛው ከዓሣው ሽያጭ ድርሻ የሚከፈልበት አሠራር። ይህን የሚያሳይ ፊልም ማዕበሉንም ይበልጥ ያስፈራል፤ ተመልካቹ አጥማጁ መመለስ እንደማይችል ገብቶታልና። ይህን የሚዘል ፊልም ግን ምንም ያህል ውኃ ቢረጭ የአየር ጠባይ ትርዒት ሆኖ ይቀራል።

ሁለተኛው መመዘኛ እውነተኛነት ሲሆን፣ ይህን «ዘጋቢ» እና «ልብ ወለድ» በሚለው ክፍፍል ብቻ መለካት አያዋጣም። ዘጋቢ ተብሎ የታወቀ ፊልም ትዕይንቱን አቀነባብሮ ሊሠራ ይችላል፤ ልብ ወለድ የተባለው ደግሞ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው እውነተኛ አጥማጆችን በራሳቸው ጀልባ ላይ ሊያሠራ ይችላል። ሁለቱም ከዚህ በታች ያጋጥሙናል። ሦስተኛው፣ ሥራው ራሱ በዝርዝር መታየቱ ነው፤ መረብ እንዴት ይወጣል፣ ዓሣ እንዴት ይለያል፣ እጅ ምን ይሆናል፣ እንቅልፍ መቼ ይገኛል የሚለው ማለት ነው። አራተኛው ባሕር ዳር ለቀሩት ሚስቶች፣ እናቶችና ልጆች የተሰጠው ቦታ ነው። የመጨረሻዎቹ ተግባራዊ ጉዳዮች ናቸው፤ ርዝመት፣ ቋንቋ፣ የዓመፅ መጠን፣ የሚታይበት ስክሪን። ሽልማትን መመዘኛ አላደረግሁም፤ ሽልማቶች የሚጠቀሱት ፊልሙን ፈልጎ ለማግኘት ሲረዱ ብቻ ነው።

ሁለት መስጠሞች፦ «ዘ ፐርፌክት ስቶርም» እና «ዘ ዲፕ»

ብዙ ሰው የሚያውቀው የመጀመሪያውን ነው። የቮልፍጋንግ ፒተርሰን «ዘ ፐርፌክት ስቶርም» (2000) በሴፕቴምበር 1991 ከማሳቹሴትሷ ግሎስተር ወጥታ በኦክቶበር መጨረሻ ላይ ከስድስት ሠራተኞቿ ጋር ደብዛዋ የጠፋውን «አንድሪያ ጌይል» የተባለች የሰይፍ ዓሣ አጥማጅ ጀልባ ታሪክ ይዞ የተሠራ ነው። ግሎስተር ከ17ኛው መቶ ዘመን ጀምሮ በባሕር የሞቱባትን ከ5,000 የሚበልጡ አጥማጆች ስም በመታሰቢያ ላይ ያስቀረጸች ከተማ ናት፤ ፊልሙም ይህን ድባብ በመጀመሪያው ክፍሉ በሚገባ ይይዛል። ጀልባዋ ስትመለስ የተያዘው ዓሣ ማነስ፣ የክፍያው ቀን፣ ሠራተኞቹ ቼካቸውን አይተው ፊታቸው የሚጠቁርበት ሁኔታ፣ ካፒቴኑ ወቅቱ ካለፈ በኋላ አንድ ጊዜ ደግሞ ካልወጣሁ የሚልበት ምክንያት ሁሉ ከኪስ ጋር የተያያዘ ነው። በኔ ግምት የፊልሙ ጥሩ ክፍል ይኸው ነው።

ከዚያ በኋላ ግን ኮምፒዩተር የፈጠረው ማዕበል ቦታውን ሁሉ ይወስዳል። መታወቅ ያለበት ነገር አለ፤ በዚያች ጀልባ ላይ በመጨረሻዎቹ ሰዓታት ምን እንደተባለና ምን እንደተደረገ ሊናገር የሚችል ሰው አልተረፈም። የመጨረሻው የሬዲዮ ግንኙነት ከተቋረጠ በኋላ የሚታየው ንግግርና ውሳኔ በሙሉ የጸሐፊዎቹ ፈጠራ ነው። ከሟች ቤተሰቦች አንዳንዶቹ በአቀራረቡ ቅር ተሰኝተው የፊልም ኩባንያውን እስከመክሰስ ደርሰዋል፤ የፍሎሪዳ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2005 ለኩባንያው በሚያመች መንገድ ወስኗል። ስለዚህ ፊልሙ ስለ ግሎስተር ኑሮ ጥሩ መግቢያ ሲሆን፣ ስለ መስጠሟ ግን ምስክር ተደርጎ ሊወሰድ አይገባም።

የባልታሳር ኮርማኩር የአይስላንድ ፊልም «ዘ ዲፕ» (2012) ተመሳሳይ ጉዳይ ይዞ በሌላ መንገድ ይሄዳል። በማርች 1984 ከሄይማይ ደሴት አምስት ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ የተገለበጠችው ጀልባ አምስት ሰዎችን ይዛ ነበር፤ አራቱ ሞቱ። አምስተኛው፣ የ22 ዓመት ወጣት፣ ሙቀቱ ከ5 እስከ 6 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ብቻ በሆነ ውኃ ውስጥ ለስድስት ሰዓት ያህል ዋኝቶ ወጣ፤ ከዚያም በባዶ እግሩ የረጋ የእሳተ ገሞራ ድንጋይ አቋርጦ መንደሩ ደረሰ። በዚያ ቅዝቃዜ ሰው በአጭር ጊዜ ውስጥ ይሞታል ተብሎ ስለሚታመን ሐኪሞች ከጊዜ በኋላ ሰውነቱን መረመሩት፤ ከቆዳው ሥር ያለው ስብ ከተራ ሰው የወፈረና የጠጠረ መሆኑም ታወቀ።

የፊልሙ ብልኅነት መዋኘቱ በግማሹ ላይ ማለቁ ነው። ቀሪው ክፍል ስለተረፈ ሰው እፍረት ነው፤ የሞቱትን ጓደኞቹን ወላጆችና ልጆች መጎብኘት፣ በሳይንቲስቶች የበረዶ ገንዳ ውስጥ መነከር፣ ጀግና ሲሉት አንገቱን መድፋት። የሚጮኽ ሙዚቃ የለም። ተዋናዩ ኦላፉር ዳሪ ኦላፍሶን ትልቅ ሰውነት ያለውና ዝምተኛ ሰው ሆኖ ይታያል፤ በየቀኑ የምናየው ዓይነት ሰው ነው። ገበያና ዕዳ ግን በዚህ ፊልም ውስጥ እምብዛም አይነሡም፤ የመከራው ምንጭ ውኃው ራሱ ነው። መስጠምን ለማየት ከሁለቱ አንዱን ብቻ መምረጥ ግድ ከሆነ ይህን እመርጣለሁ፤ አጭር ነው፣ የሚናገረውም የታወቀ ነገር ነው።

ዘጋቢው ልብ ወለድና ልብ ወለዱ ዘጋቢ

የሮበርት ፍላኸርቲ «ማን ኦቭ አራን» (1934) በየዘጋቢ ፊልም ታሪክ መጽሐፉ ይጠቀሳል። በአየርላንድ ምዕራብ ዳርቻ ባሉት የአራን ደሴቶች አንድ አባት፣ አንዲት እናትና አንድ ልጅ ከድንጋይ ላይ የባሕር አረም እየከመሩ ለድንች መትከያ አፈር ሲፈጥሩ፣ በቀጫጭን ጀልባዎች ግዙፍ ሻርክ ሲያድኑ፣ በማዕበል ሲላጉ ይታያል። ምስሉ ያስደንቃል። ሆኖም ሦስቱ ሰዎች ከደሴቱ ነዋሪዎች መካከል ለመልካቸው የተመረጡ እንጂ አንድ ቤተሰብ አልነበሩም። የሻርክ አደኑ ከብዙ አሥርት ዓመታት በፊት የቀረ ልማድ ስለነበር ነዋሪዎቹ ለቀረጻው ሲባል እንዲማሩት ተደረገ። ያ ሻርክ በባሕር ውስጥ የሚንሳፈፉ ጥቃቅን ፍጥረታትን የሚመገብ፣ ሰው የማያጠቃ ዓሣ ነው፤ የሚፈለገውም ከጉበቱ ለሚወጣው የመብራት ዘይት ነበር። የመሬት ባለቤትነት፣ የቤት ኪራይ፣ ዓሣውን ማን እንደሚገዛ ፊልሙ አንድም ቦታ አያነሣም። ሰው ከተፈጥሮ ጋር ብቻ የተፋጠጠ ይመስላል። ለዚህ ነው ይህን ፊልም ብቻውን እንዲታይ የማልመክረው፤ ከሌላ ጋር ተጣምሮ ግን ለውይይት የሚመች ነው።

የሚጣመረውም በ1948 ከወጣው የሉኪኖ ቪስኮንቲ «ላ ቴራ ትሬማ» ጋር ነው። ከዚህ ሁሉ ዝርዝር አንድ ፊልም ብቻ እንዲቀር ቢባል ይህ እንዲቀር ስለምፈልግ ትንሽ ልቆይበት።

ቦታው በሲሲሊ የምትገኘው የአቺ ትሬዛ መንደር ናት። ታሪኩ የጆቫኒ ቬርጋን የ1881 ልብ ወለድ መነሻ ያደርጋል፤ ለመጀመሪያው ቀረጻ የሚሆነው ገንዘብ የተገኘውም ከኢጣሊያ ኮሙኒስት ፓርቲ ነበር። ቪስኮንቲ ሦስት ፊልሞች ሊሠራ አስቦ ነበር፤ ስለ አጥማጆች፣ ስለ ማዕድን ቆፋሪዎችና ስለ ገበሬዎች። የተሠራው የመጀመሪያው ብቻ ነው። አንድም ሙያተኛ ተዋናይ የለበትም፤ አጥማጁ አጥማጅ፣ ግንበኛው ግንበኛ ነው። የሚናገሩትም በራሳቸው የሲሲሊ ቋንቋ ሲሆን፣ ሌላው ኢጣሊያዊ እንኳ ሊከተለው ስላልቻለ በላዩ ላይ የኢጣሊያንኛ ትረካ ተጨመረበት።

የቫላስትሮ ቤተሰብ ሌሊቱን በሙሉ ዓሣ ሲያጠምድ ያድራል፤ ጎሕ ሲቀድ የጅምላ ነጋዴዎቹ ባሕር ዳር ላይ ሚዛናቸውን ይዘው ይጠብቃሉ፤ ዋጋውን የሚቆርጡትም እነርሱው ናቸው። ታላቁ ልጅ ንቶኒ ይህን አይቶ ይቆጣል፤ ወጣቶቹ ሚዛኖቹን ወደ ባሕር ይወረውራሉ፣ ይታሰራሉም። ነጋዴዎቹ ግን ሠራተኛ ሲያጡ ራሳቸው ያስፈቷቸዋል። ይህ ትዕይንት አጭር ቢሆንም ስለ ጉልበትና ስለ ገበያ ብዙ ይናገራል። ንቶኒ ከዚያ ቤታቸውን ለካታኒያ ባንክ በመያዣነት አስይዞ የራሳቸውን ጀልባ እንዲይዙ ቤተሰቡን ያሳምናል። አንድ ጥሩ ወቅት ይመጣል፤ አንቾቪ የሚባሉት ትናንሽ ዓሦች በብዛት ይያዛሉ፣ ቤቱ በሙሉ ተሰብስቦ በርሜል በርሜሉን በጨው ይሞላል። ሊከፍሉት ያለባቸው ዕዳ ግን በመጥፎ አየርም ወደ ባሕር እንዲወጡ ያስገድዳቸዋል። ማዕበሉ ጀልባዋን ይሰብራል። ጀልባ የሌለው ሰው ጨው የተነሰነሰበትን ዓሣውን ይዞ መጠበቅ እንደማይችል የሚያውቁት ነጋዴዎችም ለበርሜሎቹ የማይረባ ዋጋ ይሰጣሉ፤ ቤቱን ባንኩ ይወስደዋል፤ ቤተሰቡ ይበተናል። በመጨረሻ ንቶኒ ታናናሾቹን ይዞ እነዚያው ነጋዴዎች ዘንድ ለቀን ሥራ ይመለሳል።

ማዕበሉ በፊልሙ ውስጥ የሚወስደው ጊዜ አጭር ነው። የምናየው በአብዛኛው ድንጋይ ላይ ቆመው፣ በጥቁር ነጠላ ተከናንበው ባሕሩን የሚመለከቱትን ሴቶች ነው፤ የካሜራ ባለሙያው ጂ. አር. አልዶ ያነሣው ይህ ትዕይንት ከማንኛውም የውኃ ግድግዳ ይበልጥ ያስጨንቃል። ጉድለቱ ርዝመቱና ዝግታው ነው፤ 160 ደቂቃ ያህል ይፈጃል፣ ትረካውም አንዳንድ ቦታ አስቀድሞ የምናየውን መልሶ ይነግረናል። ትዕግሥት ለሌለው ተመልካች ይከብዳል።

ዕዳው በሌላ አገር፦ «ቼሚን» እና «ሉዙ»

የራሙ ካሪያት «ቼሚን» (1965) በደቡብ ሕንድ በኬራላ የባሕር ዳርቻ የሚፈጸም ሲሆን፣ በማላያላም ቋንቋ የተሠራ ነው፤ የሕንድን ፕሬዚዳንት የወርቅ ሜዳሊያ ያገኘ የመጀመሪያው የደቡብ ሕንድ ፊልምም ነው። አባትየው ጀልባና መረብ ለመግዛት ሴት ልጁን ከሚወድ የሙስሊም ነጋዴ ገንዘብ ይበደራል፤ ዕዳውን ሳይከፍል ልጅቱን ለሌላ አጥማጅ ይድራታል። በአካባቢው እምነት መሠረት ባል ባሕር ላይ ሳለ ደኅንነቱ በቤት ባለችው ሚስት ታማኝነት ይጠበቃል፤ ስለዚህ ለሚመጣው አደጋ ሁሉ ተወቃሿ ሴቲቱ ናት። በዘፈንና በደማቅ ቀለም የተሞላ በመሆኑ የሕንድ ፊልም እያየ ላደገው የአገራችን ተመልካች አቀራረቡ እንግዳ አይሆንበትም። ስለ ባሕር ዳር ሴቶች መከራ ከዚህ የበለጠ የሚናገር ፊልም በዝርዝሩ ውስጥ የለም። የማጥመዱ ሥራ በዝርዝር ሲታይ ግን ደካማ ነው።

«ሉዙ» (2021) የዘመናችን ታሪክ ነው። በማልታ ከአያት ከቅድመ አያት የወረሳት፣ ዓይን የተሣለባት ባለቀለም የእንጨት ጀልባው ውኃ እያስገባች ያስቸገረችው ወጣት አጥማጅ አዲስ የተወለደ ልጁ ሕክምና ይፈልጋል። ፊቱ የቀረበለት ምርጫ ሁለት ነው፤ ጀልባዋን ጠግኖ እየከሰረ መቀጠል ወይም ፈቃዱንም ጀልባውንም ለአውሮፓ ኅብረት የካሣ ፕሮግራም አስረክቦ ከሙያው መውጣት። ሕግ በሚከለክልበት ወቅት መረቡ ላይ የወጣውን ሰይፍ ዓሣ ወደ ባሕር ሲመልሰው ይታያል፤ ያው ዓይነት ዓሣ በጓሮ በር ሲሸጥም ይታያል። ዳይሬክተሩ አሌክስ ካሚሌሪ ዋናውን ሚና የሰጠው ለእውነተኛ አጥማጅ ለጄስማርክ ሺክሉና ሲሆን፣ ሰውየው በሰንዳንስ ፌስቲቫል በትወናው ተሸልሟል። ክፉ ሰው የሌለበት ፊልም ነው፤ ሕጉም ዓሣ ለማትረፍ የወጣ መሆኑ አይካድም። «ላ ቴራ ትሬማ»ን ለማየት ጊዜ ያጣ ሰው በ94 ደቂቃ ተመሳሳይ ጥያቄ እዚህ ያገኛል።

ሥራው ራሱ፦ «ሌቫያታን»

በሉሲየን ካስታን-ቴይለርና በቬሬና ፓራቬል የተሠራው «ሌቫያታን» (2012) ከአሜሪካዋ የወደብ ከተማ ከኒው ቤድፎርድ በሚወጣ ትልቅ መረብ ጎታች መርከብ ላይ ተቀርጿል። ሁለቱ በሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲ የሚሠሩ የሰው ልጅ ባህል አጥኚዎች ናቸው። ትንንሽ ካሜራዎችን በሠራተኞቹ ራስ ላይ፣ በእንጨት ጫፍ፣ በሞቱ ዓሦች መካከል አስቀምጠው ያገኙትን ያለ ተራኪ፣ ያለ ማብራሪያ አቅርበዋል። ከመጽሐፈ ኢዮብ ምዕራፍ 41 ጥቂት ቃል ጽፎ ይጀምርና ከዚያ በኋላ ጨለማ፣ የሰንሰለት ኳኳታ፣ የዓሣ ደምና ከላይ የሚያንዣብቡ ወፎች ብቻ ናቸው። አንድ ሠራተኛ ከሥራ በኋላ ቴሌቪዥን ፊት ተቀምጦ ዓይኑ እየተከደነ ለብዙ ደቂቃ እናየዋለን፤ ስለ ድካም የተሰጠ ማብራሪያ ቢኖር ኖሮ ይህን ያህል አይገልጸውም ነበር።

በመመዘኛዎቻችን ሲታይ በሥራው ዝርዝር ከሁሉ ይልቃል፤ በሌሎቹ ሁሉ ወደ ኋላ ይቀራል። ስለ ደመወዝ፣ ስለ ቤተሰብ፣ ስለ ባለ መርከቡ አንዲት ነገር አንማርም። በስልክ ስክሪን ማየቱ ከንቱ ድካም ነው። ጥሩ ድምፅ ማጉያና ጨለማ ክፍል ከሌለ ሌላ ይመረጥ። ባሕር ላይ የሚያጥወለውለው ሰውም ቢጠነቀቅ ይበጃል፤ ካሜራው አያርፍም።

ሠራተኛው በፈቃዱ ያልወጣበት ጀልባ፦ «በያንሲ»

የሮድ ራትየን የአውስትራሊያ ፊልም «በያንሲ» (2019) የሚናገረው ስለ አንድ የ14 ዓመት የካምቦዲያ ገጠር ልጅ ነው። ልጁ በታይላንድ ፋብሪካ ሥራ አገኛለሁ ብሎ ከቤቱ ጠፍቶ ሲሄድ ለዓሣ መርከብ ይሸጣል። ከመርከቡ መውረጃ የለም፤ ምግቡ ሩዝ ነው፣ የደከመ ሰው ወደ ባሕር ይጣላል። ታሪኩ ፈጠራ ቢሆንም በአካባቢው በስፋት ሲፈጸም የኖረ ወንጀል ነው፤ በ2015 የአሶሼትድ ፕሬስ ጋዜጠኞች በኢንዶኔዥያ ደሴቶች ተይዘው ስለነበሩ አጥማጆች የሠሩት ምርመራ ከ2,000 የሚበልጡ ሰዎች ነጻ እንዲወጡ ረድቷል። ታይላንድ የዓለም የሥራ ድርጅትን የዓሣ ማጥመድ ሥራ ስምምነት፣ ቁጥር 188ን፣ ያጸደቀችው ፊልሙ በወጣበት በ2019 መጀመሪያ ላይ ነው።

ፊልሙ ጥቂት ቃላት ብቻ ያሉት፣ ጥብቅና ጨካኝ ነው። ግድያዎቹ ለልጆች ፈጽሞ አይሆኑም። በደላላ ተታለው ወደ ዓረብ አገሮች የሄዱ ዘመዶች ያሉት ተመልካች ከመጀመሪያዎቹ ትዕይንቶች ጀምሮ ነገሩን ያውቀዋል፤ ሥራ አለ የሚለው ወሬ፣ ክፍያው ከደመወዝህ ይቆረጣል የሚለው ቃል፣ መንገድ ላይ የሚለዋወጡት አጓጓዦች።

ለቤት የሚሆኑ

የሻን ሄደር «ኮዳ» (2021) በግሎስተር የሚኖር፣ አባት እናትና ወንድም መስማት የተሳናቸው፣ የ17 ዓመቷ ልጅ ብቻ የምትሰማበት የአጥማጅ ቤተሰብ ታሪክ ነው። በ2022 የምርጥ ፊልም ኦስካርን ሲያገኝ፣ አባትየውን የተጫወተው ትሮይ ኮትሰር በረዳት ተዋናይነት ተሸልሟል። ብዙ ሰው የሙዚቃ ፊልም አድርጎ ቢያስታውሰውም የአጥማጅነቱ ክፍል ቀላል አይደለም፤ የጨረታው ዝቅተኛ ዋጋ፣ በመርከብ ላይ የሚቀመጠው ተቆጣጣሪ ወጪ፣ አጥማጆቹ ራሳቸው ለመሸጥ የሚያደርጉት ሙከራ ሁሉ አሉበት። አባትና እናት ስለ መኝታቸው በምልክት ቋንቋ ያለ ይሉኝታ የሚቀልዱባቸው ትዕይንቶች ግን ከአባት ወይም ከአማት ጋር ተቀምጦ ለማየት ያሳፍራሉ፤ ጋባዡ አስቀድሞ ቢያውቀው ጥሩ ነው።

ለትንንሽ ልጆች ከሁሉ የሚሻለው ሩሲያዊው አሌክሳንደር ፔትሮቭ በ1999 ከሄሚንግዌይ አጭር ልብ ወለድ የሠራው «ሽማግሌውና ባሕሩ» ነው። ከ29,000 የሚበልጡ ምስሎች በመስታወት ላይ በዘይት ቀለም፣ በአብዛኛው በጣት ተሥለው የተሠራ የ20 ደቂቃ አኒሜሽን ነው። የአጥማጁ ድህነት በውበቱ ትንሽ ይሸፈናል፤ የልጅ ትኩረት ግን እስከ መጨረሻው ይይዛል።

ማጠቃለያ ሠንጠረዥ

| ፊልም | ዓመትና አገር | ርዝመት በደቂቃ (በግምት) | የመከራው ምንጭ | የሥራው ዝርዝር | ባሕር ዳር የቀሩት | የሚከብድበት |
|---|---|---|---|---|---|---|
| ዘ ፐርፌክት ስቶርም | 2000፣ አሜሪካ | 130 | ማዕበል፤ በመጀመሪያው ክፍል ክፍያ | መካከለኛ | መካከለኛ | መጨረሻው ግምት ነው |
| ዘ ዲፕ | 2012፣ አይስላንድ | 95 | ቅዝቃዜና ሐዘን | ዝቅተኛ | ጥሩ | ገበያውን አያነሣም |
| ማን ኦቭ አራን | 1934፣ ብሪታንያ | 76 | ተፈጥሮ ብቻ | ጥሩ፣ ግን የተቀነባበረ | መካከለኛ | ማብራሪያ ይፈልጋል |
| ላ ቴራ ትሬማ | 1948፣ ኢጣሊያ | 160 | ነጋዴ፣ ባንክ፣ ማዕበል | ከፍተኛ | ከፍተኛ | ርዝመትና ዝግታ |
| ቼሚን | 1965፣ ሕንድ | 140 | ዕዳና እምነት | ዝቅተኛ | ከፍተኛ | ጥሩ ሰብታይትል ማግኘት |
| ሉዙ | 2021፣ ማልታ | 94 | ሕግ፣ ዋጋ፣ አሮጌ ጀልባ | ጥሩ | ጥሩ | ቀዝቀዝ ያለ ነው |
| ሌቫያታን | 2012፣ አሜሪካ | 87 | ድካምና ማሽን | ከሁሉ የላቀ | የለም | ስክሪንና ድምፅ ይፈልጋል |
| በያንሲ | 2019፣ አውስትራሊያ | 93 | ባርነት | ጥሩ | ዝቅተኛ | ከባድ ዓመፅ |
| ኮዳ | 2021፣ አሜሪካ | 111 | ዋጋና ቁጥጥር | መካከለኛ | ከፍተኛ | የሚያሳፍሩ ቀልዶች |
| ሽማግሌውና ባሕሩ | 1999፣ ሩሲያ፣ ካናዳ፣ ጃፓን | 20 | ተፈጥሮና እርጅና | መካከለኛ | ዝቅተኛ | አጭር ነው |

እንደ ፍላጎትና እንደ አቅም

አንድ ምሽት ብቻ ያለውና ስለ ጉዳዩ ምንም የማያውቅ ተመልካች ከ«ሉዙ» ቢጀምር ይጠቀማል። አጭር ነው፣ ዛሬ የሚሆን ነው፣ መመዘኛዎቻችንን ሁሉ በመጠኑ ያሟላል። ሁለት ምሽት ያለው በሁለተኛው «ላ ቴራ ትሬማ»ን ይጨምር፤ ዕረፍት አድርጎ ለሁለት ከፍሎ ማየትም ምንም አያጎድልበትም።

የፊልም ክበብ ከሆነ «ማን ኦቭ አራን»ን እና «ሌቫያታን»ን በተከታታይ ሳምንታት ማሳየት ጥሩ ክርክር ያስነሣል፤ ሁለቱም ዘጋቢ ተብለዋል፣ አንዱ ሁሉን አቀነባብሯል፣ ሌላው ምንም ላለመናገር መርጧል፣ የዓሣውን ዋጋ ግን ሁለቱም አልነገሩንም። ለኢኮኖሚክስ ወይም ለማኅበራዊ ሳይንስ ክፍል መምህር ደግሞ ከ«ላ ቴራ ትሬማ» የሚዛኑንና የበርሜሎቹን ትዕይንቶች ብቻ ቆርጦ ማሳየት ይበቃል። በጣና ወይም በዝዋይ ዓሣ አስጋሪዎች ላይ ጥናት የሚሠሩ ተማሪዎችም ዓሣው ከመረቡ እስከ ሚዛኑ በማን እጅ እንደሚያልፍ የሚጠየቁ ጥያቄዎችን ከዚህ ያገኛሉ፤ የሐይቅና የባሕር አደጋ ቢለያይም የሚዛኑ ጉዳይ ይቀራረባል።

ስደት የሚያሳስበው ተመልካች ከዝርዝሩ ውጭ ሁለት ፊልሞችን ቢያይ ይመረጣል። የሴኔጋላዊው ሙሳ ቱሬ «ላ ፒሮግ» (2012) ባሕሩ ዓሣ ስለነጠፈበት ስደተኞችን ጭኖ ወደ ስፔን ደሴቶች የሚሻገር የአጥማጅ ካፒቴን ታሪክ ነው። በአሥመራ የተወለደው ጃንፍራንኮ ሮሲ በላምፔዱዛ የሠራውና በ2016 በበርሊን ፊልም ፌስቲቫል የወርቅ ድብ ሽልማት ያገኘው «ፉዎኮአማሬ» ደግሞ የአንድን አጥማጅ ልጅ ዕለታዊ ሕይወት ከአፍሪካ ቀንድና ከሌሎች አገሮች በጀልባ ከሚመጡት ሰዎች ጎን ያስቀምጣል። ሬሳ በግልጽ ይታያል። በዚያ መንገድ ያለፈ ወይም ሰው ያጣ ዘመድ በተቀመጠበት ክፍል ያለ ማስጠንቀቂያ ሊከፈት አይገባም።

ስለ ወጪ ሲታሰብ «ኮዳ» የሚገኘው በአፕል ቲቪ ክፍያ ስለሆነ ለአንድ ፊልም ሲባል ወርኃዊ ክፍያ መግባት ያጠያይቃል፤ የአንድ ወር ብቻ ከፍሎ ማቋረጥ ይቻላል። በአሜሪካና በአውሮፓ የሚኖሩ አንባቢዎች የአካባቢያቸውን የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት አስቀድመው ቢጠይቁ የድሮዎቹን ፊልሞች በዲቪዲ በነጻ የመዋስ ዕድል አላቸው። በአዲስ አበባ የኢጣሊያ የባህል ተቋምን ስለ ቪስኮንቲ ሥራ መጠየቅ አይከፋም። በሞባይል ዳታ የሚያይ ሰው የፔትሮቭን 20 ደቂቃ ቢመርጥ ኪሱ አይጎዳም።

ከመግዛት ወይም ከማውረድ በፊት ሁለት ነገር ይረጋገጥ። «ላ ቴራ ትሬማ» አጥሮ የተሠራጨበት ጊዜ ስላለ ርዝመቱ ወደ 160 ደቂቃ የሚጠጋ ካልሆነ የተቆረጠ ቅጂ ነው ብሎ መጠርጠር ይገባል። «ቼሚን»፣ «በያንሲ» እና «ሉዙ» ደግሞ የሚናገሩት በማላያላም፣ በክመርና በማልታ ቋንቋ ስለሆነ ሰብታይትሉ መኖሩንና ከድምፁ ጋር አብሮ መሄዱን በመካከለኛው ክፍል አንድ ሁለት ደቂቃ ከፍቶ መሞከር ያስፈልጋል፤ በመጀመሪያው ደቂቃ የተስተካከለ ሰብታይትል ከአንድ ሰዓት ያህል በኋላ ወደ ኋላ መቅረቱ የተለመደ ነው። ለሕዝብ የሚያሳይ ክበብም በግል የገዛው ቅጂ ለአደባባይ ትርዒት ፈቃድ እንደማይሆን አውቆ ለአከፋፋዩ አስቀድሞ ይጻፍ።